የፈረሰኛው ግራ እግር

ጥቅምት 9

ይድረስ ለአባቴ፤

ይህ ሰላምታ አንተ ዘንድ እስኪደርስ አራት ቀን ስለሚፈጅበት ቶሎ ብዬ ላስቀድመው። እንዴት ሰነበትክ? ጉልበትህስ እንዴት ይዞሃል? ደብዳቤህ ደርሶኛል። «ልጄን ምን ነካት፣ ብዕር ነጠፈባት ወይስ ባል አገባች?» ብለህ ለጠየቅከው፣ ሁለቱም አልሆነም። ወር ሙሉ ዝም ያልኩት የምነግርህ አጥቼ ሳይሆን በዝቶብኝ ነው። ተፈርሞ እጄ ላይ እስኪገባ ድረስ ደግሞ ማውራት አልፈለግኩም፤ ያልቀዘቀዘ ነሐስ አይነካም ብለህ ያሳደግከኝ አንተ ነህ።

አሁን ቀዝቅዟል፤ ልንገርህ። ፈረሰኛውን ከቦታው የማነሳው እኔ ነኝ።

በትልቁ አደባባይ ሥር ለምድር ውስጥ ባቡር ዋሻ እየተቆፈረ መሆኑን ጋዜጣ ላይ አንብበህ ይሆናል። መሬቱ ላልቶ የሐውልቱ መቆሚያ በቀኝ በኩል አራት ጣት ያህል ወርዷል። ስለዚህ ፈረሰኛው ከነፈረሱ ሁለት መቶ እርምጃ ተጉዞ ከቤተ መጻሕፍቱ ፊት ለፊት ባለው አዲሱ የአትክልት ሥፍራ እንዲቆም ተወሰነ። ሥራው ለእኛ ለእድሳት ክፍል ተሰጠ፤ የክፍሉ ኃላፊ ደግሞ ካለፈው ወር ጀምሮ እኔ ነኝ። ይህንንም አልነገርኩህም፣ ይቅር በለኝ። ይህን ከወሰነው ኮሚቴ አንድ ሽማግሌ ዕድሜዬን ጠየቁኝ። ፈረሰኛው በአራት ዓመት ይበልጠኛል፣ እስካሁን ግን ሁለታችንም አልወደቅንም አልኳቸው። ሳቁና ፈረሙ።

ከተማው ስለ ሌላ ነገር አያወራም። ግማሹ ሰው ፈረሰኛው ማን እንደሆነ እንኳ አያውቅም፤ የት እንደቆመ የማያውቅ ግን የለም። የታክሲ ረዳቶች በስሙ ይጣራሉ፣ ፍቅረኞች «በጭራው በኩል ጠብቂኝ» ይባባላሉ። አሁን እሱ ሲሄድ የት ልንገናኝ ነው ብለው የሚያለቅሱም አሉ።

የመጀመሪያው ንድፍ መዝገብ ቤት ውስጥ እርጥበት በልቶታል። ከሠሩት ሰዎች ደግሞ በሕይወት ያለህ አንተ ብቻ ነህ። ስለዚህ ጥያቄዎቼን በሌላው ወረቀት ዘርዝሬ ልኬልሃለሁ፤ በስንት ቁራጭ እንደፈሰሰ፣ የግድግዳው ውፍረት፣ ውስጡ ብረት ይኑረው አይኑረው፣ እያንዳንዱ እግር ምን እንደሚሸከም። ስልክ ደውዬ ብጠይቅህ በቀለለኝ፤ ግን ጆሮህን ማቅለጫው ክፍል በልቶታል፣ ጣትህም ለስልኩ መስታወት ወፍሮበታል። ጻፍልኝ።

ልጅህ

ጥቅምት 20

ለልጄ፤

እግዜር ያክብርሽ፣ ደህና ነኝ። ጉልበቴ ዝናብ ሲመጣ ከሬዲዮው ቀድሞ ይነግረኛል፤ ከዚያ በቀር ክፉ አይደለም።

ደብዳቤሽን ሦስት ጊዜ ለራሴ፣ አንድ ጊዜ ጮክ ብዬ ለጎረቤቴ ለልብስ ሰፊው አነበብኩት። እሱ ለደንበኞቹ አወራ። ትናንት አንዲት ሴትዮ መንገድ ላይ አስቁማኝ «እንኳን ደስ አለዎት፣ ልጅዎ ፈረስ ገዛች አሉ» አለችኝ። አላስተባበልኩም። ኩራቴን ግን ወረቀት ላይ አላወጣውም፤ ብዙ ካመሰገንኩሽ እጅሽ ይከብዳል።

ወደ ጥያቄሽ። ፈረሰኛው በአሥራ አንድ ቁራጭ ነው የፈሰሰው። የአካሉ ግድግዳ አንድ ጣት ይሆናል። የፊት እግሮቹ አየር ላይ ስለሆኑ ክብደቱ ያረፈው በሁለቱ የኋላ እግሮችና በጭራው ላይ ነው። በቀኙ እግር ውስጥ እንደ እጅ አንጓ የወፈረ ብረት አለ፣ ወርዶ መቆሚያው ውስጥ ተቀብሯል። በሆዱ ሥር፣ የኮርቻው መታጠቂያ በሚያልፍበት፣ መዳፍ የምታህል መክደኛ ታገኛለሽ። አራት ብሎን ነው የያዛት፤ ከቀለሙ ጋር ስለሚመሳሰሉ በዓይን አታያቸውም፣ በጥፍርሽ ፈልጊያቸው። ጭራው አንድ ወጥ ነው። እጄ ከሠራው ሁሉ ጭራው ይሻላል። ሐውልቱን የቀረጸው ጢሞ፣ ነፍሱን ይማርና፣ የሰው ሥራ ማመስገን ሞቱ ነበር፤ ጭራውን ሲያይ ግን ጢሙን መጎተት አቆመ።

አንድ ነገር ልበል። ባይነሳስ? መሬቱን ከሥሩ በሲሚንቶ ማጠንከር አይቻልም? ባቡሩስ ትንሽ ዞር ቢል ምን ይሆናል? ሠላሳ ስምንት ዓመት የቆመን ነገር ባይነኩት ይሻላል እላለሁ። የሽማግሌ ምክር ነው፣ ካልጣመሽ ተዪው።

አባትሽ

ጥቅምት 30

ለአባቴ፤

መክደኛዋን አገኘኋት። ሠራተኞቼ ሁለት ቀን በመብራት ሲፈልጓት የነበረችውን እኔ መሰላል ላይ ወጥቼ በጥፍሬ ሳወጣት አፋቸውን ያዙ። አባቴ ነው የነገረኝ አላልኳቸውም። ትንሽ ቀን ጠንቋይ ልባል።

ባቡሩን ዞር በል ማለት አልተቻለም፤ ከፈረሱ ይልቅ ዘመድ አለው።

አባዬ፣ ሰባት ነገር ጠይቄህ ስድስቱን መለስክ። ስለ ጭራው አንድ አንቀጽ ጽፈህ ስለ ግራው የኋላ እግር ውስጥ አንድ ቃል የለህም። ረስተህ ነው ብዬ ነበር። ትናንት ግን በትንሿ መዶሻ እግሮቹን አንድ በአንድ መታሁ። ሦስቱ እንደ ደወል ይጮሃሉ። ግራው የኋላ እግር ከጉልበት በታች ጆንያ እንደመምታት ነው። ነሐስ እንዲህ አይናገርም። በጆሮ መስማትን ያስተማርከኝ አንተ ስለሆንክ የምጠይቀውም አንተን ነው።

ነገሩ ቀላል አይደለም። የዋና መሐንዲሱ ዕቅድ እንዲህ ነው። በቀኝ በኩል መሬቱ ባዶ ስለሆነ መጀመሪያ ሐውልቱ ወደ ግራ ያዘነብላል፤ ለአምስት ደቂቃ ክብደቱ በሙሉ በግራው እግር ላይ ያርፋል፤ በዚያች ጊዜ አራት ሠራተኞች ከሥሩ ገብተው የቀኙን እግር ብረት ይፈታሉ፤ ከዚያ ክሬኑ ያነሳዋል። ቀኑ ኅዳር 28 ተቆርጧል፣ እንግዶችም ተጠርተዋል።

ጥርጣሬዬን ለመሐንዲሱ ነገርኩት። ጨዋ ሰው ነው፣ አልተቆጣም። ከመዝገብ ቤት የርክክቡን ወረቀት አስመጥቶ ፊቴ ዘረጋው። «የግራ የኋላ እግር፤ ነሐሱ ጤነኛ፣ ያለ እንከን» ይላል። ከሥሩ ያለውን ፊርማ ከእሱ በፊት እኔ አወቅኩት።

ጤነኛ ነው በለኝና ልመን። ካልሆነም ንገረኝ።

ልጅህ

ኅዳር 7

ለልጄ፤

ፊርማው የእኔ ነው። ዛሬ ከዚህ በላይ አልጽፍም። በዚያ እግር ላይ ምንም ሸክም አይረፍ።

በደብዳቤሽ ጀርባ በእርሳስ የጻፍሽውን አየሁ፤ ዝምተኛው ስለሚባል ሰው ማን ነገረሽ?

አባትሽ

ኅዳር 14

ለአባቴ፤

አጭሯ ወረቀትህ ደርሳለች፤ ባለፈው ደብዳቤዬ ጀርባ በእርሳስ የጻፍኩትን የዝምተኛውን ጥያቄ ሳላጠፋ በመላኬ ይቅርታ። ስለ ዝምተኛው ማንም አልነገረኝም። በማቅለጫ ክፍሉ የሠራተኞች መዝገብ ላይ ካንተ ስም ቀጥሎ «ዝምተኛው» ከሚል ቅጽል ጋር የተጻፈ አንድ ስም አገኘሁ፤ በቀይ ተሰርዞ «በሐሰት ወሬ የተሰናበተ» ተብሎበታል። የተሰናበተበት ቀን ከርክክቡ በሦስተኛው ነው። በሕይወት ያለህ አንተ ብቻ መስለኸኝ ነበር። አሁን ግን በመጀመሪያው ደብዳቤዬ እንዲያ ስል ለምን እንዳላረምከኝ ገባኝ።

አገኘሁት። ከአውቶቡስ ተራው ጀርባ በገበያው ውስጥ የተበሳ ድስትና ማንቆርቆሪያ ይበይዳል። ሱቁ አንድ ሰውና አንድ እሳት ነው የሚይዘው። ረጅም፣ ቀኝ ትከሻው ዝቅ ያለ ሽማግሌ ነው። የማን ልጅ እንደሆንኩ ነገርኩት። የያዘውን ድስት እስኪጨርስ አላየኝም። ከዚያ በርጩማውን ለቀቀልኝና እሱ ቆመ። ስለ እግሩ ጠየቅኩት፤ ሌላ ድስት አነሳ። ለምን እንደተሰናበተ ጠየቅኩት፤ ወናፉን ነፋ። አንድ ሰዓት ያህል ተቀምጬ ሲሠራ አየሁት። ብየዳው እንዳንተ ነው፣ ጫፉን በአውራ ጣት ይዞ ከግራ ወደ ቀኝ። ልወጣ ስል አንድ ነገር ብቻ አለኝ፤ «እኔ አንድ ጊዜ ተናግሬአለሁ። አሁን ተራው የአባትሽ ነው።»

መሐንዲሱ በመዶሻ ድምፅ ብቻ ቀን አላዛውርም ብሏል። ነሐስን ዘልቆ የሚያይ መሣሪያ ከውጭ ለማስመጣት ሁለት ወር ይፈጃል፤ ቅዱሱን እግር በመሰርሰሪያ ልብሳ ብለው ደግሞ ኮሚቴው ያለ ማስረጃ አይፈቅድም። የመጨረሻው ፊርማ የእኔ ስለሆነ አልፈርምም ብዬ ማስቆም እችላለሁ፤ አስቆመዋለሁም። ግን እኔን አንስተው ሌላ ቢያስቀምጡ እነዚያ አራት ሰዎች ከሥሩ መግባታቸው አይቀርም። ሲፈስ ዓይኑ ያየ ሰው ቃል ያስፈልገኛል።

የሚያስከትለውን አላጣሁትም። ስምህ መቆሚያው ላይ ባለው ሰሌዳ ከጢሞ ስም ሥር ተቀርጿል። ሕፃን ሳለሁ እጄን ይዘኸኝ ስንሄድ ስምህን ላሳይህ እያልኩ ስጎትትህ ሁልጊዜ ይመሽብናል ትለኝ ነበር።

አልተቆጣሁህም። ጻፍ ብቻ።

ልጅህ

ኅዳር 19

ለልጄ፤

እንደምን አለሽ። የጠየቅሽኝ ሁለት ነገር ነው፤ እግሩ ምን ሆነ፣ ዝምተኛውስ ለምን ወጣ። ሁለቱ አንድ ታሪክ ናቸው። ተቀምጠሽ አንብቢው።

የግራው እግር የፈሰሰው ለምረቃው አሥራ ሁለት ቀን ሲቀረው ነው። የማቅለጫውን ድስት በረጅም ብረት መያዣ ሁለት ሰው ያነሳዋል፤ በአንዱ ጫፍ እኔ፣ በሌላው ዝምተኛው። ስድስት ዓመት አብረን ስናነሳ አንድ ቀን «ቁም» ወይም «ሂድ» ተባብለን አናውቅም። እሱ ሲተነፍስ እኔ እራመድ ነበር። በዚያን ቀን እኔ ቸኮልኩ። ጢሞ ከኋላዬ ቆሞ ሰዓቱን ያያል፣ እኔ ደግሞ በፊቱ ጎበዝ መባል ፈልጌአለሁ። ዝምተኛው «ገና ነው፣ አልጋለም» አለኝ። ደርሷል አልኩትና አነሳሁ። አንዱ ካነሳ ሌላው መተው አይችልም፤ ቢተው ሁለታችንም ቃጠሎ ነን። እያወቀ አብሮኝ አነሳ።

ነሐሱ ከጉልበት በታች ሳይሞላ በረደ። በማግስቱ የፈሰሰበትን ፎርማ ስንሰብረው እግሩ ብል እንደበላው እንጨት ተቦርቡሮ ወጣ። ጢሞ ዞሮ ዞሮ አየውና «ሌላ ለማፍሰስ ቀን የለንም። ሕዝብ የሚያየው ቆዳውን ነው» አለ። ስለዚህ ጉድጓዱን በቀለጠ እርሳስ ሞላነው፣ ከላዩ ስስ ነሐስ አለበስነው። በሞረድ ያለሰለስኩት እኔ ነኝ። እውነቱን ከነገርኩሽ አይቀር፣ በሕይወቴ እንደዚያ ያማረ ማለስለስ አለስልሼ አላውቅም።

ዝምተኛው፣ ለአለቃ «ደህና ዋሉ» ማለት እንኳ የሚከብደው ሰው፣ የሥራ ልብሱን ሳይለውጥ ወደ ከተማው ሕንፃ ቢሮ ሄደ። «ይህ እግር ካልነኩት ይቆማል። የነኩት ቀን ሰው ይገድላል» አላቸው። እኔን ጠሩኝ። ሹሙ ከጠረጴዛው ጀርባ ሆኖ «ይህ ሰው የሚለው እውነት ነው?» አለኝ። ዝምተኛው አጠገቤ ነበር፣ ክንዳችን ይነካካል። አላየኝም፤ እኔን ማየት ያስፈለገው አልመሰለኝም፣ እውነቱን እንደምናገር አምኖ ነበር።

«አይደለም» አልኩ። «ነሐሱ ጤነኛ ነው።»

ፈረምኩ። በሦስተኛው ቀን እሱ ተሰናበተ። በወሩ እኔ የማቅለጫ ክፍሉ ኃላፊ ሆንኩ፤ አንቺ የተወለድሽበት ቤት ከሹመቱ ጋር የመጣ ነው። እናትሽ ታውቅ ነበር። በዚያው ሳምንት ምግብ ሠርታ፣ በጨርቅ አስራ ቤቱ ሄደች። በሩን ሚስቱ ከፍታ አየቻትና መልሳ ዘጋችው። እናትሽ ምግቡን ይዛ ተመለሰች፣ ጠረጴዛ ላይ አስቀመጠችው፣ «ብላ» አለችኝ። እስክትሞት ድረስ ስለዚህ ነገር ሌላ ቃል አልተናገረችኝም።

ጡረታ ስወጣ እዚህ ድረስ የመጣሁት ለአየሩ ነው እያልኩሽ ኖሬአለሁ። አየሩ ደህና ነው። ግን የመጣሁት ያን ፈረስ ላለማየት ነው።

ለኮሚቴው የሚሰጠውን ቃል ለብቻው በሌላ ወረቀት ጽፌ፣ እዚህ ፍርድ ቤት አስመስክሬ ልኬዋለሁ። አጭር ነው። ይቅርታ የሚል ቃል አላስገባሁበትም፤ ይቅርታው የሚገባው ለኮሚቴው ስላልሆነ።

አባትሽ

ታኅሣሥ 2

ለአባቴ፤

ወረቀቶቹ በአምስተኛው ቀን ደረሱ። ያንተን ረጅሙን ቤቴ ውስጥ፣ እንዳልከኝ ተቀምጬ አነበብኩት። ስለሱ የምለውን በአካል እነግርሃለሁ። አሁን የሆነውን ላውራህ።

ለኮሚቴው ቃልህን ራሴ ላነበው ነበር፤ ዋና መሐንዲሱ ወረቀቱን ከእጄ ወስዶ እሱ አነበበው። ጨርሶ ወረቀቱን አጠፈና መሰርሰሪያ አስመጡ አለ። ማንንም አላዘዘም፣ ኮቱን አውልቆ መሰላሉ ላይ ራሱ ወጣ። መጀመሪያ ቢጫ የነሐስ ፍቅፋቂ ወረደ፣ የጥፍር ውፍረት ያህል። ከዚያ ግራጫው እርሳስ እንደ ትል እየተጠቀለለ ይወጣ ጀመር። መሐንዲሱ ከመሰላሉ ወርዶ አራቱን ሠራተኞች አንድ በአንድ በስማቸው ጠራና እጃቸውን ጨበጠ። እነሱ ለምን እንደሆነ አልገባቸውም ነበር፣ በኋላ ነገርኳቸው። አንደኛው ለሁለት ቀን ውኃ እንኳ አስቀድሞ ለእኔ ሳይቀዳ አይጠጣም ነበር፤ ተው ብዬ አስተውኩት።

የኅዳር 28ቱ በዓል ተሰረዘ። ጋዜጦቹ ጮኹ፤ ይጩኹ። አዲሱ ዕቅድ የእኔ ነው። ፈረሱን በብረት ርብራብ ዙሪያውን እንይዘዋለን፣ ግራውን እግር ከጉልበቱ ቆርጠን እናወርዳለን፣ ራሱን አሮጌውን እግር አርአያ አድርገን አዲስ ፎርማ እንሠራለን፣ እናፈስሳለን፣ ከገጠምነው በኋላ ይነሳል። በሰባት ለሁለት ድምፅ አለፈልኝ።

ስምህን በተመለከተ የሆነውን አልደብቅህም። ከሰሌዳው ይነሳ ያሉ ነበሩ። ምን ትያለሽ ተባልኩ። «አባቴን ለመከላከል አልመጣሁም። ግን ሠላሳ ስምንት ዓመት የዋሸውም እሱ ነው፣ አራት ሰው ያዳነውም እሱ ነው። መዝገብ ካላችሁ ሁለቱንም መዝግቡ» አልኩና ድምፅ ሲሰጥ ከክፍሉ ወጣሁ። ይነሳል ተብሎ ተወስኗል። መዝገቡ ላይ ግን ሁለቱም ገብተዋል።

አሁን የቀረኝ አንድ ችግር ነው። ዛሬ ዛሬ ይህን የሚያህል ድስት በእጅ ያነሳ ሰው የለም። የሙያ ትምህርት ቤቱ የድሮውን ምድጃ ያበድረናል፤ ነሐሱን በዓይኑ አይቶ ደርሷል ወይም ገና ነው የሚል ሰው ግን መጽሐፍ ውስጥ አይገኝም። ዝምተኛው ጋ ሄጄ ለመንኩት። ሦስት ድስት ጨረሰ። ከዚያ «ድስት በአንድ በኩል አይነሳም» አለኝ።

ሌላ ጎበዝ ሰው አለኝ፣ በሌላው በኩል ላቁምልህ አልኩት።

«የሌላኛውን ጫፍ ባለቤት አውቀዋለሁ» አለ።

ና፣ አባዬ። መያዝ ትችላለህ ወይ? እውነቱን ንገረኝ፤ ካልቻልክ መላ እንፈልጋለን።

ልጅህ

ታኅሣሥ 9

ለልጄ፤

ጉልበቴ ይንቀጠቀጣል፤ እጄ ግን አይንቀጠቀጥም። ስለዚህ ሩቅ መሄድ አልችልም እንጂ ቆሜ መያዝ እችላለሁ። ምድጃውንና ፎርማውን አቀራርቡልን፣ ከስምንት እርምጃ አይበልጥ።

ስሜ በመነሳቱ አትዘኚ። ሰሌዳው ላይ ሳለ አንድ ቀን ቀና ብዬ አላነበብኩትም። እነዚያ ድምፅ የሰጡት ሰዎች ያደረጉት እኔ ከሠላሳ ስምንት ዓመት በፊት ማድረግ የነበረብኝን ነው።

ካንቺ ደብዳቤ ጋር የታሸገ ሌላ ፖስታ አለ። ለእሱ ስጪልኝ። አትክፈቺው፣ ምን አለ ብለሽም አትጠይቂኝ። ስድስት ጊዜ ጽፌ አምስቱን ቀድጄአለሁ። እኔን ከማየቱ በፊት ያንብበው፤ ካነበበው በኋላ ሐሳቡን ከለወጠ በአንድ መስመር ጻፊልኝ፣ አልመጣም።

መስመር ካልመጣ ታኅሣሥ 24 በሚገባው አውቶቡስ ጠብቂኝ። ልብስ ሰፊው ሱሪዬን አሳጥሮ በእሳት የማይያዝ ወፍራም ሽርጥ ሰፍቶልኛል። ለምን እንደሆነ ስነግረው ሳቀብኝ፤ ሙሉውን ስነግረው ግን ዋጋውን አልቀበልም አለ።

አባትሽ

የካቲት 16

ለአባቴ፤

በሰላም መግባትህን ከልብስ ሰፊው መልእክት ሰማሁ፤ ጆሮው ጤነኛ ስለሆነ በስልክ እየጮኸ ነገረኝ። ሳልሰናበትህ በጠዋቱ አውቶቡስ በመሄድህ አኩርፌ ነበር፣ አሁን ትቼዋለሁ። ፎቶ አንሺዎቹን ሸሽተህ እንደሆነ ገብቶኛል።

አዲሱ እግር ስለፈሰሰበት ቀን አልጽፍልህም፤ ነበርክበት። እናንተ ሁለታችሁ ድስቱን ይዛችሁ ስትሄዱ የትምህርት ቤቱ መምህራን ጠጋ ብለው ሊማሩ መጥተው ነበር፤ በኋላ አንዱ መምህር «ምን እየተባባሉ ነው የሚሄዱት? ምንም አልሰማሁም» ብሎ ጠየቀኝ። ምንም ስላልተባባሉ ነው አልኩት።

ያላየኸውን ልንገርህ። የካቲት 11 ጠዋት አደባባዩ ሰው በሰው ሆነ። አራቱ ሠራተኞች ከሥሩ ገብተው የቀኙን እግር ብረት ሲፈቱ እኔም አብሬአቸው ገባሁ። ኃላፊ እዚያ አይገባም ብለውኝ ነበር፤ እኔ የፈረምኩበት ነገር ሥር እኔ ካልቆምኩ ማን ይቆማል? አምስት ደቂቃ የተባለው አሥራ አንድ ደቂቃ ፈጀ። አዲሱ እግር ክብደቱን ይዞ ቆመ። ቀና ብዬ ሳይ ሆዱ በሙሉ ከላዬ ነበር፣ ፀሐዩን ከልሎታል፤ አልፈራሁም። ወጥቼ እጄን ሳነሳ ክሬኑ ሳበው፤ ፈረሰኛው ከመሬት ለቀቀ። የታክሲ ረዳቶቹ እንኳ መጣራት ረስተው ነበር። ከቤተ መጻሕፍቱ ፊት ሲያርፍ አንዲት አሮጊት «አሁን ገና ፊቱን አየሁት፤ እዚያ ሳለ ፀሐይ ከኋላው ነበር» አሉ።

በበነጋው የርክክቡ ወረቀት መጣ። ከአዲሱ እግር ተረከዝ በላይ ምስር የምታህል ቀዳዳ አለች፤ አይተናት፣ ለክተናት፣ ጉዳት እንደሌላት አረጋግጠን ነው የተውናት። በወረቀቱ ላይ ጻፍኳት። መሐንዲሱ ይህን ለምን ትጽፊያለሽ፣ ማንም አያያትም አለኝ። ከመቶ ዓመት በኋላ ሌላ ሰው ያነሳው ይሆናል፣ ያ ሰው ማወቅ አለበት አልኩት። ብዕሩን ተቀብሎኝ እሱም ከሥሬ ፈረመ።

በልብስ ሰፊው በኩል ለጠየቅከኝ ጥያቄ፤ አዎ፣ ደብዳቤህን አንብቦታል፣ አንተ ከመምጣትህ በፊት። ምን አለው ብዬ ብጠይቀው «ረጅም ነው» አለኝ። ከዚያ በላይ አላወጣሁበትም። ስሙ ሰሌዳው ላይ ይግባ ሲባል አልፈልግም ብሏል። መዝገቡ ላይ ያለው ቀይ ስረዛና «የሐሰት ወሬ» የሚለው ግን ይነሳልኝ አለ። ተነስቷል፤ እኔው ፊት ነው ያነሱት።

ልጅህ

የካቲት 24

ለልጄ፤

ትልቅ ደስታ ላይ ነኝና አጭር ልጽፍ። ሐውልቱ ሥር ገብተሽ እንደነበር በመጨረሻ መንገርሽ ደግ አደረግሽ፤ ቀድመሽ ብትነግሪኝ ልቤ ይቆም ነበር። ቀዳዳዋንም መጻፍሽ እኔ ለአንቺ የማስተምረው ነገር አልቋል ማለት ነው።

ትናንት ፖስታ ቤት አንድ ደብዳቤ ጠበቀኝ። የእጅ ጽሑፉን አላወቅኩትም፣ አይቼው ስለማላውቅ። ከዝምተኛው ነው። እንዳለ እገለብጥልሻለሁ፤

«ደብዳቤህ ደርሶኛል። ቀኝ ትከሻዬ ከእንግዲህ አይሆንልኝም። ወናፍ የሚይዝልኝ ሰው አጥቻለሁ። ጠዋት አንድ ሰዓት ላይ እከፍታለሁ። እስከ ወሩ መጨረሻ ካልመጣህ ሌላ ሰው እቀጥራለሁ።»

ይቅር ብዬሃለሁ አላለም። አልጠበቅኩም። ለስድስት ዓመት ከእሱ ጎን ለጎን ሠርቼ፣ ከዚያ አለቃ ሆኜ የኖርኩ ሰው በሰባ ሁለት ዓመቴ የድስት በያጅ ረዳት ልሆን ነው፤ እንደዚህ ያለ ሹመት አግኝቼ አላውቅም።

ቤቱን ለልብስ ሰፊው አከራይቼዋለሁ። ከገበያው ብዙ የማይርቅ፣ ደረጃ የሌለው አንድ ክፍል ፈልጊልኝ። አንቺ ጋ አላርፍም፤ ጠዋት ተነስተሽ የምታነሺው ሐውልት አለሽ፣ እኔም የምነሳበት ሥራ አለኝ። ክፍሉ እስኪገኝ ሁለት ቀን ወንበርሽ ላይ እተኛለሁ።

ለዚህ ደብዳቤ መልስ አትጻፊ። ሲደርስሽ እኔ አውቶቡስ ላይ ነኝ።

አባትሽ